ቦታ ፍለጋ ላይ ያሉት የኢንዶኔዥያ ወጣቶች

ጃካርታ መሃል ዱኩ አታስ የሚባል ሰፈር አለ። የከተማ ዳርቻው ባቡር፣ የምድር ውስጡ ባቡርና የአየር ማረፊያው ባቡር እዚያ ይገናኛሉ። ዙሪያው ባንክና የመስታወት ፎቅ ነው። በጁላይ 2022 (እዚህ የምጠቅሳቸው ዓመቶች ሁሉ በፈረንጆች ናቸው) እዚያ ያለች አንዲት ዜብራ የአገሪቱ ዝነኛ መንገድ ሆነች። ታዳጊዎች ተራ እየያዙ ይሻገሩባታል። አረማመዳቸው ግን የሞዴል ነው። ጃኬቱ ሰፊ፣ ሱሪው ሰፊ፣ መነጽሩ ጥቁር። ጫፍ ሲደርሱ ቆም፣ ዞር፣ ፎቶ። ከዚያ ለሌላው ይለቃሉ።

ልጆቹ የመጡት ከሩቅ ነው። ቺታያም፣ ቦጆንግ ገዴና ዴፖክ ከሚባሉ ከጃካርታ ውጪ ካሉ የሠራተኛ ሰፈሮች። የባቡሩ ታሪፍ ለመጀመሪያዎቹ 25 ኪሎ ሜትሮች 3,000 ሩፒያ ነበር፤ በጊዜው ምንዛሪ 20 የአሜሪካ ሳንቲም ገደማ። መሃል ከተማ ያደረሳቸው ይህ ታሪፍ ነው። ልብሳቸውም ርካሽ ነበር። የቲክቶክ ጠያቂዎች "የለበስከው ስንት ወጣበት?" ሲሏቸው ዋጋውን ሳያፍሩ ይናገሩ ነበር። እኔን የገዛኝ ይሄ አለማፈራቸው ነው።

ሰዉ ትዕይንቱን "የቺታያም ፋሽን ሳምንት" አለው። ከዚህ የበለጠ የምወደው ግን ሰፈሩ የወጣለት ስም ነው። ጃካርታ ውስጥ "ኤስሲቢዲ" የሚባል ባለ ገንዘብ የሚሠራበት የቢሮ አካባቢ አለ። አራቱ ፊደላት የእንግሊዝኛ ስሙ ምህጻረ ቃል ናቸው። አሁን እነዚያው ፊደላት ሌላ ተፈቱ፤ ሱዲርማን (ዱኩ አታስ ያለው የባቡር ጣቢያ)፣ ቺታያም፣ ቦጆንግ ገዴ፣ ዴፖክ። ሰምና ወርቅ ለለመደ ጆሮ ጨዋታው ቶሎ ይገባል። በሀብታሙ ስም ውስጥ የድሃው ሰፈር ገባበት።

ከዚያ ትልልቆቹ መጡ። ፖለቲከኞች በዜብራዋ ላይ ተራመዱ። ታዋቂ ሰዎችና እውነተኛ ሞዴሎች ካሜራቸውን ይዘው ደረሱ። የአንድ ስመ ጥር ተዋናይ ኩባንያ "የቺታያም ፋሽን ሳምንት" የሚለውን ስም የራሱ የንግድ ምልክት አድርጎ ለማስመዝገብ አመለከተ። ሕዝቡ ተቆጣ፣ ማመልከቻውም በቀናት ውስጥ ተነሣ። ቀጥሎ የትራፊክ መጨናነቅ ተባለ፣ ፖሊስ መጣ፣ ዜብራዋ ላይ መታየት ተከለከለ። ነገሩ በሳምንታት ውስጥ ተጀምሮ አለቀ።

ስለ ኢንዶኔዥያ ወጣቶች ስጽፍ ከዚህች ዜብራ የምጀምረው ያለ ምክንያት አይደለም። ቡናቸው፣ ልብሳቸው፣ ቋንቋቸው፣ ሰልፋቸው ሁሉ ወደ አንድ ጥያቄ ይመልሰኛል። ኪሳችን በሚችለው ዋጋ የት እንቀመጥ? ይህ ጥያቄ መጀመሪያ ስለ መንገድ ዳር ነበር። ቆይቶ ስለ አገር ሆነ።

ብዛታቸውን እንይ። የ2020 ቆጠራ የኢንዶኔዥያን ሕዝብ 270 ሚሊዮን አድርሶታል። ከእነዚህ ውስጥ ከ1997 እስከ 2012 የተወለዱት 28 በመቶ ገደማ ናቸው። ከእነሱ በዕድሜ ከፍ የሚሉት ሚሌኒያሎች 26 በመቶ ያህል ይጨምራሉ። ሁለቱ ትውልዶች ከአገሪቱ ሕዝብ ግማሹን አለፉ ማለት ነው። ግማሽ ሕዝብ የሚያደርገውን ነገር "የወጣቶች ፋሽን" ብሎ ማለፍ ይከብዳል።

አሁን ደግሞ ቦታውን። በ2007 የወጣው የቦታ ዕቅድ ሕግ ከከተማ መሬት 30 በመቶው አረንጓዴ ክፍት ቦታ ይሁን ይላል። ጃካርታ 10 በመቶ እንኳ የላትም። ገበያ ማዕከል ግን ሞልቷል። ሞል ውስጥ አየሩ ቀዝቃዛ ነው፣ ወንበሩ ምቹ ነው፣ ለመቀመጥ ግን መግዛት አለብህ። ዜብራዋ ዝነኛ በሆነችበት በዚያው ዓመት ቴቤት በሚባለው ሰፈር የታደሰ ትልቅ መናፈሻ ተከፍቶ ነበር። ሰው ከመብዛቱ የተነሣ ለጊዜው ተዘጋ። ነጻ ሣርና ጥላ የጠማው ከተማ መሆኑ ከዚህ በላይ በምን ይታወቃል?

ኢንዶኔዥያውያን "ኖንግክሮንግ" የሚሉት ነገር አላቸው። መነሻው ቁጢጥ ብሎ መቀመጥ ነው። ዛሬ ከጓደኛ ጋር ሰብሰብ ብሎ መዋልን፣ ማውራትን፣ ጊታር መነካካትን፣ ዝም ብሎ ስልክ ማየትንም ይይዛል። ጉዳይ አያስፈልገውም። ዮግያካርታ በምትባለው የተማሪዎች ከተማ ለዚህ የተሠሩ የሚመስሉ የእንጨት ጋሪዎች አሉ፤ አንግክሪንጋን ይባላሉ። በቅጠል ወይም በወረቀት የተጠቀለለች ጭብጥ የማትሞላ ሩዝ ይሸጣሉ። "የድመት ሩዝ" ይሏታል፤ ድመት የምትጠግብባት ያህል ናትና። ሁለት ሦስት እሷን፣ አንድ ብርጭቆ ጣፋጭ ሻይ፣ ከዚያ ምንጣፍ ላይ እስከ እኩለ ሌሊት። ማንም ተነሥ አይልህም።

ወሬው የራሱ ቋንቋ አለው። ኢንዶኔዥያውያን ቃል ማሳጠር ይወዳሉ። "ማገር" ማለት ከቦታዬ መነቃነቅ ሰለቸኝ ነው። "ባፐር" ነገሩን ሁሉ ልቡ ውስጥ ለሚያስገባ ሰው ይባላል። "ቡቺን" የፍቅር ባሪያ ነው። ከእንግሊዝኛ የወሰዱት "ሂሊንግ" ደግሞ ትርጉሙ ተለውጧል። መዳን መሆኑ ቀርቶ ከከተማ ወጣ ብሎ መተንፈስ ሆኗል። ወደ ባሕር፣ ወደ ተራራ፣ ሲጠፋ ደግሞ እስከ ቅርቡ ካፌ።

ካፌው ላይ ትንሽ ልቆይ፤ ለእኛ ለኢትዮጵያውያን ቅርብ ነውና። በ2015 ደቡብ ጃካርታ፣ ቺፔቴ ውስጥ ቱኩ የሚባል ትንሽ ቡና ቤት ተከፈተ። ስሙ በጃቫኛ "ግዛ" ማለት ነው። የሚሸጠው በበረዶ የቀዘቀዘ ቡና ከወተትና ከዘንባባ ስኳር ጋር ነበር። ዋጋው 18,000 ሩፒያ፤ ከአንድ ዶላር ብዙ አይበልጥም። መጠጡን "የጎረቤት ቡና" አሉት። ጎረቤትና ቡና በአንድ ስም ሲጠሩ እኛ ምን እንደሚሰማን መናገር አያስፈልገኝም። በ2017 ፕሬዚዳንት ጆኮ ዊዶዶ ሳይቀሩ ገብተው ጠጡት። በዚያው ዓመት "ኮፒ ከናንጋን" ተመሠረተ። ትርጉሙ የትዝታ ቡና ነው። በ2021 መጨረሻ ዋጋው ከ1 ቢሊዮን ዶላር በላይ ተተመነ። "ጃንጂ ጂዋ" ደግሞ ተከተለ፤ የነፍስ ቃል ኪዳን እንደ ማለት። ስሞቹ ሁሉ የልብ ጉዳይ ናቸው። የተጻፉት ለማን እንደሆነ ግልጽ ነው።

የቡናው የዘር ሐረግ ከእኛ ጫካ ይነሣል። ከኢትዮጵያ ወደ የመን፣ ከየመን ወደ ሕንድ፣ ከዚያ በ1690ዎቹ ሆላንዶች ወደ ጃቫ ወሰዱት። ከ1830 ጀምሮ ገበሬው ለቅኝ ገዢው መንግሥት በግዴታ እንዲያመርት ተደረገ። በ19ኛው ክፍለ ዘመን መገባደጃ የቅጠል ዝገት በሽታ አረቢካውን ፈጀው። በምትኩ ሮቡስታ ተተከለ፤ ዛሬም አብዛኛው የኢንዶኔዥያ ቡና እሱ ነው። ሮቡስታ መራራ ነው፤ ወተትና ስኳር ይስማማዋል። የጃቫ ልጅ ዛሬ በእጁ የያዛት የፕላስቲክ ኩባያ ይህን ሁሉ አልፋ የመጣች ናት። አያቶቹ ለሌላ አገር ሰው ያመርቱት የነበረውን እሱ በአገሩ ስም፣ በአገሩ ስኳር ይጠጣዋል። ቡና አምራች አገር ምርጡን ልኮ የቀረውን ሲጠጣ ማየት የለመድን ሰዎች ይህ ቀላል ነገር አይመስለንም።

አንድ ዶላርም ለብዙዎች ውድ ነው። ስለዚህ ብስክሌት ላይ ቴርሞስና የከረጢት ቡና ጭነው የሚዞሩ ሻጮች አሉ። ሕዝቡ "ስታርሊንግ" ይላቸዋል፤ የዝነኛውን የአሜሪካ ቡና ቤት ስም "ከሊሊንግ" ከሚለው ቃል ጋር አጋብቶ። ከሊሊንግ መዞር ማለት ነው። አሁን አሁን በኤሌክትሪክ ጋሪ የሚዞሩ ካፌዎችም ከ10,000 ሩፒያ በታች እየሸጡ ነው። ካፌው ራሱ መንገድ ላይ ወጣ ማለት ነው።

ልብሱ ላይ ስንመጣ ነገሩ ይወሳሰባል። የእነዚህ ልጆች አለባበስ ትልቁ ምንጭ ልባሽ ጨርቅ ነው። ጃካርታ ውስጥ ፓሳር ሰነን፣ ባንዱንግ ውስጥ ገዴባጌ የታወቁ የልባሽ ገበያዎች ናቸው። ቦንዳ ሲፈታ ቀድሞ መድረስ፣ ከክምሩ ውስጥ አንድ ጥሩ የጃፓን ጃኬት ማግኘት፣ አጥቦ በስልክ መሸጥ፣ ይህ ሁሉ ለብዙ ወጣት መዝናኛም መተዳደሪያም ሆኗል። መንግሥት ግን ያገለገለ ልብስ ማስገባትን ከከለከለ ቆይቷል። በማርች 2023 ፕሬዚዳንቱ የአገር ውስጥ ጨርቃ ጨርቅን እየጎዳ ነው ብለው ተናገሩ፤ ባለሥልጣናት ካሜራ ፊት ቦንዳ አቃጠሉ። በ2025 መጨረሻም አዲሱ የገንዘብ ሚኒስትር ዘመቻውን እንደገና አነሡት።

እዚህ ላይ ወጣቶቹን ብቻ ልደግፍ አልችልም። ማዕከላዊ ጃቫ ውስጥ ስሪቴክስ የሚባል ግዙፍ የጨርቃ ጨርቅ ፋብሪካ ነበር። በኦክቶበር 2024 ፍርድ ቤት መክሰሩን አወጀ። በማርች 2025 ተዘጋ። ከ10,000 በላይ ሠራተኞች በአንድ ጊዜ ደጅ ቀሩ። የተዘጋው በልባሽ ብቻ አይደለም፤ ዕዳውም፣ ርካሽ የቻይና ጨርቅም አለበት። ግን እውነቱ መራራ ነው። ርካሹን ጃኬት የገዛው ልጅና ሥራዋን ያጣችው ልብስ ሰፊ የአንድ ቤት ሰዎች ሊሆኑ ይችላሉ። ልጁ ርካሽ የሚገዛው እናቱ የምታገኘው ስለማይበቃ ነው። ቦንዳ ማቃጠል ይህን አይፈታውም።

ኢንዶኔዥያን ከሩቅ የሚያይ ሰው ዘመናዊነትና ሃይማኖት የተጣሉበት አገር ይመስለው ይሆናል። ከሕዝቡ 87 በመቶ ያህሉ ሙስሊም ነው። ሂጃብና ስኒከር አንድ ላይ መልበስ ግን እዚያ ዜና አይደለም። ጋሩት ከምትባል የምዕራብ ጃቫ አካባቢ የወጡ ሦስት ሂጃብ ለባሽ ሴቶች ሄቪ ሜታል ይጫወታሉ። ቡድኑን ሲመሠርቱ በ2014 ተማሪዎች ነበሩ። በ2024 እንግሊዝ አገር በግላስተንበሪ ፌስቲቫል መድረክ ላይ ቆሙ፤ ከኢንዶኔዥያ የመጀመሪያዎቹ ናቸው። ብዙ ወጣት ደግሞ በተቃራኒው "ሂጅራ" ብሎ ወደ ሃይማኖቱ ጠንከር አድርጎ ተመልሷል። ሁለቱም አንድ ሰፈር ይኖራሉ፣ አንድ ካፌ ይቀመጣሉ።

ወደ ገንዘቡ ልመለስ፤ ነገሩ ሁሉ የሚታሰረው እዚያ ነው። በ2025 የጃካርታ ዝቅተኛ የወር ደመወዝ 5.4 ሚሊዮን ሩፒያ ገደማ ነበር፤ ወደ 330 ዶላር። ሁሉም ተማሪ ሊኖርባት በሚመኛት በዮግያካርታ ግን በክፍለ ሀገር ደረጃ የተወሰነው 2.26 ሚሊዮን ብቻ ነበር፤ 140 ዶላር አይሞላም። ይህም ሥራ ላገኘ ነው። በዚያው ዓመት መጀመሪያ የአገሪቱ ሥራ አጥነት ከ5 በመቶ በታች ሲሆን ከ15 እስከ 24 ዓመት ባሉት ላይ 16 በመቶ አካባቢ ነበር። ቀደም ብሎ የ2023 ቁጥር ደግሞ ወደ 10 ሚሊዮን የሚጠጉ የዚህ ዕድሜ ወጣቶች ትምህርት ላይም ሥራ ላይም እንደሌሉ አሳየ።

ደመወዙን ያገኘውም ብቻውን አይበላውም። ወላጆቹን ይጦራል፣ ታናናሾቹን ያስተምራል። እዚያ "ሳንድዊች ትውልድ" ይሉታል፤ ከላይና ከታች ተጨምቆ የተያዘ ማለት ነው። ከአዲስ አበባ እስከ ሪያድ፣ ከቤሩት እስከ ዋሽንግተን ለቤተሰብ ገንዘብ የሚልክ ሐበሻ ይህን ስም ባይሰማም ኑሮውን ያውቀዋል።

ትዳርም ወደ ኋላ ሄደ። በ2018 በአገሪቱ ወደ 2 ሚሊዮን ጋብቻ ተመዝግቦ ነበር። በ2024 ቁጥሩ 1.48 ሚሊዮን ላይ ወረደ። በ2019 የሴቶች የጋብቻ ዕድሜ በሕግ ከ16 ወደ 19 ከፍ ማለቱ አንድ ምክንያት ነው፤ ይህ ደስ የሚል ምክንያት ነው። ሌላው ግን ፍርሃት ነው። በ2024 "ጋብቻ ያስፈራል" የሚል አባባል ቲክቶክን ሞላው። ሴቶቹ የሚያስፈራቸውን አንድ በአንድ ይዘረዝሩ ነበር። የማይረዳ ባል፣ የሚጮህ ባል፣ ሥራ አቁሚ የሚል አማት። ሽማግሌዎች "የዘመኑ ልጆች ተበላሹ" አሉ። እኔ ዝርዝሩን ሳነብ ያየሁት እናቶቻቸውን በደንብ ያዩ ልጆችን ነው።

ቤት ራቀ፣ ጋብቻ ራቀ፣ ቋሚ ሥራ ራቀ። የቀረው በአንድ ዶላር የሚገዛ ደስታ ነው። የትዝታ ቡና፣ የሰው አገር ጃኬት፣ የአንድ ቀን ሂሊንግ። ይህን ማባከን የሚሉ አሉ። ሂሳቡን ሥሩት። ቡናውን ሁሉ ቢተዉት እንኳ በዚያ ደመወዝ ጃካርታ ውስጥ ቤት አይገዛም።

ፖለቲከኞች ይህን ሁሉ አያውቁም አልልም። ቢያንስ ሙዱን ያውቁታል። ለፌብሩዋሪ 2024 ምርጫ ከተመዘገበው መራጭ ከግማሽ በላይ የሚሆነው ከ40 ዓመት በታች ነበር። የቀድሞው ጄኔራል ፕራቦዎ ሱቢያንቶ በ72 ዓመታቸው ቲክቶክ ላይ ጨፈሩ። "ገሞይ" ተባሉ፤ ጉንጫቸው የሚቆነጠጥ ወፍራም ሕፃን እንደ ማለት። ምክትላቸው የያኔው ፕሬዚዳንት የጆኮ ዊዶዶ የ36 ዓመት ልጅ ነበሩ። የዕድሜ ገደቡ እንዲላላላቸው ሕገ መንግሥታዊው ፍርድ ቤት ከምርጫው ወራት ቀደም ብሎ ውሳኔ ሰጥቶ ነበር። ጥንዱ ከድምፁ 58 በመቶ ያህሉን ወስደው አሸነፉ። የዜብራዋ ታሪክ እንደገና ሆነ። የወጣቱ አረማመድ ተወሰደ፤ ወጣቱ ግን እዚያው ቀረ።

በፌብሩዋሪ 2025 "መጀመሪያ እንሽሽ" የሚል ሃሽታግ ወጣ። ወጣቶች ጃፓን፣ ጀርመን፣ አውስትራሊያ እንዴት እንደሚኬድ እርስ በርስ ይመካከሩበት ጀመር። የሠራተኛ ጉዳይ ምክትል ሚኒስትሩ መሄድ የሚፈልግ ይሂድ፣ ባይመለስም ይችላል የሚል መልስ ሰጡ። እኚሁ ሰው በዚያው ዓመት ኦገስት ላይ በሙስና ተጠርጥረው ተያዙ። ልጆቻቸው በየአቅጣጫው የተበተኑባቸው አገሮች ሰዎች ያንን መልስ እንዴት እንደሚሰሙት እገምታለሁ። ሂድ የሚል ባለሥልጣን ሽኝት ላይ የሚያለቅሰው እሱ አይደለም።

የሄዱት ሄዱ። ያልሄዱት ባንዲራ ሰቀሉ። ኦገስት 17 ቀን 2025 ኢንዶኔዥያ 80ኛ የነጻነት በዓሏን ስታከብር በየቤቱ፣ በየጭነት መኪናው ላይ ከብሔራዊው ባንዲራ ጎን የራስ ቅል ያለበት፣ ባርኔጣ ያጠለቀ የባሕር ወንበዴ ባንዲራ ይውለበለብ ነበር። ዋን ፒስ ከሚባለው የጃፓን ካርቱን የተወሰደ ነው። በታሪኩ ውስጥ ወንበዴዎቹ የበሰበሰ መንግሥትን ይዋጋሉ። አንዳንድ ባለሥልጣናት አገር ለመከፋፈል ነው ብለው ተቆጡ፤ አንዳንድ ቦታ ሥዕሉ ከመንገድ ላይ ተፋቀ። ሰቃዮቹ ቀዩንና ነጩን ባንዲራ አላወረዱም። አጠገቡ ነው የሰቀሉት። ይህን ልዩነት ለማየት ብዙ መመራመር አይጠይቅም ነበር።

ከዚያ የፓርላማ አባላት በወር 50 ሚሊዮን ሩፒያ የቤት አበል እንደሚያገኙ ተሰማ። የጃካርታን ዝቅተኛ ደመወዝ ወደ አሥር እጥፍ የሚጠጋ ነው። ቤት መከራየት ያቃተው ወጣት ይህን ሰማ። ኦገስት 25 ሰልፍ ተጀመረ። ኦገስት 28 ምሽት አንድ የ21 ዓመት የሞተር ሳይክል ታክሲ አሽከርካሪ በፖሊስ ብረት ለበስ መኪና ተገጭቶ ሞተ። ከ2015 ወዲህ፣ አሽከርካሪና ደንበኛ በስልክ መተግበሪያ መገናኘት ከጀመሩ በኋላ፣ ይህ ሥራ ለስንቱ ሥራ ያጣ ወጣት የመጨረሻ በር ነው። አረንጓዴ ጃኬታቸው በየመንገዱ አለ። ቁጣው በየከተማው ተቀጣጠለ። ቢያንስ 10 ሰዎች ሞቱ፣ በሺዎች የሚቆጠሩ ታሰሩ። አበሉ ቀረ።

በእነዚያ ቀናት የኢንዶኔዥያውያን የመገለጫ ፎቶዎች ሁለት ቀለም ለበሱ፤ ሮዝና አረንጓዴ። ሮዙ ፖሊስ ፊት በዱላ ብቻ ከቆመች አንዲት ሮዝ ሂጃብ የለበሰች ሴት የመጣ ነው። አረንጓዴው የአሽከርካሪው ጃኬት ነው። የጃካርታ ወጣት ቀለም መምረጥ የተማረው ዜብራ ላይ ነበር። የራስ ቅሉ ባንዲራም በቀጣዮቹ ሳምንታት ኔፓል ታየ፣ ማዳጋስካርም ታየ፤ ማዳጋስካሮች ባርኔጣውን በራሳቸው ባህላዊ ባርኔጣ ለወጡት።

አንድ ነገር ደግሞ አለ። በዚያው ሳምንት የማሌዥያና የሌሎች ጎረቤት አገሮች ወጣቶች በስልካቸው ምግብ ማዘዣ መተግበሪያውን ከፈቱ። አድራሻውን ጃካርታ አደረጉ። ሩዝ፣ ዶሮ፣ ቀዝቃዛ መጠጥ አዘዙ፣ ከፈሉ። ማስታወሻው ላይ ምግቡን ለማንም እንዳታደርስ፣ የአንተ ነው፣ ከጓደኞችህ ጋር ብላው ብለው ጻፉ። አሽከርካሪዎቹም ሞተራቸውን አቁመው መንገድ ዳር ቁጢጥ አሉና በሉ።